አርዮስ በሞጆ ሚኒባስ

እናንተዬ፣ ታክሲ ውስጥ ጉባኤ የሚጠራ ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? እኔ ከሞጆ ወደ አዳማ ስመለስ ገጥሞኛል። ጋሽ ታደሰ የሚባሉ ጡረተኛ አስተማሪ ናቸው። ገና ሳንነሳ የኒቅያን ጉባኤ ከፍተው፣ «ወልድ ፍጡር ነው» ያለውን አርዮስን ማውገዝ ጀመሩ።

ከጎናቸው የተቀመጠች፣ ከዓለም ጤና ከተማ የመጣች ሽንኩርት ነጋዴ፣ «ሰውየው ራሱ ምን ብሎ ተከራከረ? እኛ ጋ እኮ ሽማግሌ ሁለቱንም ወገን ሳይሰማ አይፈርድም» አለቻቸው።

ጋሽ ታደሰም ፍርድ እንዳይጓደል ብለው ለአርዮስ ጥብቅና ቆሙለት። «አባት ልጁን አይቀድምም ወይ? ከቀደመ ልጁ ያልነበረበት ጊዜ ነበራ!» ምን ልበላችሁ፣ ወላጅ የሆነ ተሳፋሪ ሁሉ በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ።

ይኼኔ ረዳቱ «መጨረሻ!» ብሎ በሩን ከፈተ። ጋሽ ታደሰ በሩ ላይ ተገትረው፣ «አትወርዱም! መልሱን ሳትሰሙ መናፍቅ ሆናችሁ ልትበተኑ? ፀሐይና ብርሃኗ...» ማን ሰምቷቸው! በክንዳቸው ሥር እየሾለክን ወረድን።

እስከ ዛሬ መናኸሪያ ቆመው የዚያን ቀን ተሳፋሪ አንድ በአንድ እየፈለጉ መልሱን ይነግሩታል። እኔን ሁለቴ አይተውኛል፤ ሁለቴም ባጃጅ ውስጥ ዘልዬ ገባሁ። መልሱን ጠልቼ እንዳይመስላችሁ፤ ጥያቄውን ገና ስላልጠገብኩት ነው።