የግማሽ ዕዳ ድግስ

ሰው ሁሉ ያልገባውን ነገር ለማስረዳት የሚቸኩልበት ዕድሜ አለው። እኔ ከዚያ ዕድሜ ገና አልወጣሁም። ስለዚህ ሩብ ሰዓት ብትሰጡኝ ለጊዜያችሁ የሚመጥን አንድ ታሪክ አወጋችኋለሁ፤ በነፃ። በነፃ ያልኩት ለእናንተ ነው። እኛ ቤት ከፍለንበታል፣ ገናም እየከፈልንበት ነው።

የሰው ልጅ በገንዘብ ነገር አንድ ደካማ ጎን አለው፤ «ግማሽ» የሚለውን ቃል ሲሰማ ልቡ ይረጋጋል። የደብረ ታቦርን ዳገት ግማሽ የወጣ ሰው ድንጋይ ፈልጎ ቁጭ ይላል፣ ላቡን ይጠርጋል፣ ወደ ታች እያየ ይኮራል። የቀረው ግማሽ ከወጣው ጋር እኩል መሆኑን ማን ነገረው? ማንም። እኛ ቤት ግን የሚናገር ነበር፤ እኔ ነበርኩ።

እኅቴ ብርቄ፣ እኔ እታለም የምላት፣ እዚሁ ደብረ ታቦር ከተማ ነርስ ናት። ልጇን ብቻዋን ታሳድጋለች። ከዛሬ አስር ዓመት በፊት ከኪራይ ቤት ወደ ኪራይ ቤት ዕቃ ማመላለስ ሰለቻትና ልስን ያልነካው ባለ አራት ክፍል ቤት ልትገዛ ተነሳች። ዋጋው ሁለት መቶ አርባ ሺህ ብር። ባንኩ ሁለት መቶውን ሺህ በሃያ ዓመት የሚከፈል አበድርሻለሁ፣ አርባውን ከራስሽ አምጪ አላት። ከራሷ የሚመጣ ነገር አልነበራትም። የነበረው አባታችን ዘንድ ነው፤ እሱም ብር ሳይሆን መሬት ነው።

አባቴ ጋፋት አጠገብ የሚያርሱ ገበሬ ናቸው። ባቄላና ገብስ እያፈራረቁ የሚዘሩባት ሁለት ቃዳ፣ ግማሽ ሄክታር የምትሆን ደህና መሬት ነበረቻቸው። እሷን ወለድ አገድ ሊሰጡ ወሰኑ። ወለድ አገድን ለማታውቁ ላስረዳ፤ ማስረዳት እንደምወድ ሳትጠረጥሩ አልቀራችሁም። ገበሬው ብር ይበደራል፤ አበዳሪው በወለድ ፈንታ መሬቱን ይይዛል። ብሩ እስኪመለስለት ድረስ ያርሳል፣ ይዘራል፣ ያጭዳል፣ ይበላል። አስር ዓመት ቢበላ ከዋናው ብር ላይ ሰባራ ሳንቲም አይወርድም።

አበዳሪው አያ ሞላ ሆኑ። ከአባቴ ጋር በአንድ ሰንበቴ ጎን ለጎን ተቀምጠው የሚጠጡ ጎረቤት ናቸው። አርባ ሺህ ብር ቆጥረው ሰጡ። ውሉ አስር ዓመት ነው፤ በአስረኛው ዓመት፣ አዝመራው ገብቶ ጥር ላይ ብሩ ከተመለሰ መሬቱ ይለቀቃል። ካልተመለሰ ሌላ አስር ዓመት። አባቴ ያኔ ስድሳ አምስት ዓመታቸው ነበር።

ከመፈረማቸው በፊት አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ። አስር ዓመት ሲሞላ አርባው ሺህ ከየት ይመጣል? አሉ። እዚህ ላይ ነው እኔ የገባሁት።

አስራ ሰባት ዓመቴ ነበር። የአስረኛ ክፍል ፈተና አላሳልፈኝ ብሎ፣ ራሴን በራሴ ላስተምር ቆርጬ ነበር። እታለም ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጭ በመቶ ሠላሳ አምስት ብር አንድ ወፍራም የሒሳብ መጽሐፍ ገዝታልኛለች። ዋጋውን ያዙልኝ፤ ኋላ እንፈልገዋለን። መጽሐፉን እስከ መካከሉ አንብቤ ነበር። የብድር ምዕራፍ ያለው መጨረሻው ላይ ነው። እኔ ግን እዚያ ሳልደርስ ማስረዳት ጀመርኩ።

ከቁናው ሃያ ባቄላ አንስቼ አባቴ ፊት ሰሌኑ ላይ ደረደርኩ። እያንዳንዷ ባቄላ አስር ሺህ ብር ናት አልኳቸው። ሃያ ዓመት፣ ሃያ ባቄላ። ዓመት ባለፈ ቁጥር አንዷን እናነሳለን። አስር ዓመት ሲሞላ አስር ባቄላ ብቻ ይቀራል፣ የቤቱ ግማሽ ከዕዳ ነፃ ይሆናል። ያንን ግማሽ አስይዘን ከዚያው ባንክ አርባ ሺህ እንወስዳለን፣ መሬቱም ወደ ቤቱ ይመለሳል።

አባቴ ባቄላውን ቆጠሩት። «ወለዱስ የታለ?» አሉ። ወለዱ ባቄላዋ ውስጥ ነው አልኩ። «ቀድመው የሚበሉት ዋናውን ነው ወይስ ወለዱን?» ብለው ደግሞ ጠየቁ። በዚያች ጥያቄ ላይ ዝም ብዬ ትንሽ ባስብ ኖሮ ዛሬ ይህን አልጽፍም ነበር። እኔ ግን ሳቅሁ። አባባ፣ ይሄ እንደ ወለድ አገድ አይደለም፣ ዘመናዊ አሠራር ነው፣ ከዚህም ከዚያም እኩል ነው አልኳቸው። ሁለት መቶውን ሺህ ለሁለት መቶ አርባ ወር አካፍዬ፣ በየወሩ ስምንት መቶ ሠላሳ ሦስት ብር ከዋናው ይወርዳል ብዬ ግድግዳው ላይ በከሰል ጻፍኩ። አባቴ ማንበብ አይችሉም፤ የተጻፈ ነገር ግን ያከብራሉ። በአውራ ጣታቸው ፈረሙ።

ከዚያ አስር ዓመት ተከፈለ። በየወሩ ሁለት ሺህ ስድስት መቶ ሠላሳ አራት ብር፣ አንድም ወር ሳይዘለል። ደመወዟ ብቻውን የማይችለው ስለሆነ እታለም ሦስቱን ክፍል አከራየች። ቆይቶ አራተኛውን የዩኒቨርሲቲ መምህር ፈለገውና እሷ ከልጇ ጋር ማድ ቤት ገባች። መምህሩ በገባ በሳምንቱ ልብስ ስታሰጣ አግኝቷት፣ አከራይዋ እትዬ መቼ ነው የሚገኙት? ብሎ ጠየቃት። ማታ ማታ ይመጣሉ አለችው። ይህን ስትነግረኝ አብረን ሳቅን። እኔ ከልቤ ነበር የሳቅሁት፤ የእሷን አላውቅም።

ስድስተኛው ዓመት ላይ ዕቁብ ደርሷት ሠላሳ ሺህ ብር እጇ ገባ። ለአባባ መሬት እናስቀምጠው ይሆን? አለችኝ። ምን ያደርግልናል እታለም፣ ግማሹ እኮ እየመጣልን ነው አልኳት። አጥሩን አሠራችበት። ልብ በሉ፤ ባንኩ እንዳትቆጥቡ አላለንም። እንዳንቆጥብ ያደረገን የእኔ ባቄላ ነው። አርባው ሺህ ባንኩ ቤት ተቀምጦ የሚጠብቀን መስሎን ማንም ሌላ አርባ ሺህ አላሰበም።

መቶ ሃያኛው ወር ጥቅምት ላይ ሞላ። ሰው ለክርስትና ይደግሳል፣ ለሠርግ ይደግሳል፣ ለሙት ዓመት ይደግሳል። እኛ ለግማሽ ዕዳ ደገስን። ሐሳቡ የማን እንደነበር አልነግራችሁም፤ ታውቁታላችሁ። እሑድ በግ ታረደ፣ ጠላ ተጠመቀ፣ ዘመድ ከየአቅጣጫው መጣ። ምስማርና ቆርቆሮ የሚሸጡልን ሙስሊሙ ጎረቤታችን ጋሽ ሰይድም መጡ፤ ለእሳቸው በአዲስ ድስት ሽሮ ተሠርቶላቸዋል። ጋሽ ሰይድ ሽሯቸውን እየበሉ፣ ግማሽ መሆኑን የሚለው ወረቀት የት አለ? አሉኝ። ወረቀት ምን ያደርጋል፣ ሃያን ለሁለት ማካፈል እኮ ነው አልኳቸው። እሳቸውም፣ እኔ ወለድ ያለበት ነገር ስለማልገባ አላውቀውም፣ ግን በጉን ከወረቀቱ በኋላ ብታርዱት ምን ነበረበት አሉ። ሰው ሳቀ። ከሁሉ በላይ የሳቀው ማን ነው? እሱንም ታውቁታላችሁ።

ከድግሱ ሲወጡ ሦስት ዘመዶች እታለምን ለየብቻ ጠርተው ብድር ጠየቋት። ግማሽ ዕዳ የከፈለች ሴት እጇ ላይ ይኖራታል ብለው ነው።

ሰኞ ጧት አባቴ ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው፣ እታለም ፈረቃ ቀይራ፣ እኔ ደብተር ይዤ ባንክ ገባን። ያስተናገደችን ልጅ በእኔ ዕድሜ ናት፤ ቀስ ብላ የምትናገር። አርባ ሺህ ተጨማሪ ብድር እንደምንፈልግ፣ ለምን እንደሚገባን፣ ግማሹ እንዴት እንደተከፈለ አስረዳኋት። እስክጨርስ ጠበቀችኝ። ከዚያ ሰንጠረዥ አትማ ሰጠችኝና፣ ወንድሜ፣ ግማሽ የሄደው ዓመቱ ነው፣ ዕዳው አይደለም አለች።

ሰንጠረዡ እንዲህ ይላል። የመጀመሪያው ወር፣ የተከፈለ ሁለት ሺህ ስድስት መቶ ሠላሳ አራት። ከዚህ ውስጥ ወለድ፣ ሁለት ሺህ አምስት መቶ። ከዋናው የወረደ፣ መቶ ሠላሳ አራት ብር። ስምንት መቶ ሠላሳ ሦስት ብዬ በከሰል የጻፍኩት መቶ ሠላሳ አራት ነበር።

አሁን በትክክል ላስረዳችሁ፤ ዘግይቶም ቢሆን ምዕራፉን አንብቤዋለሁ። ወለዱ በዓመት ከመቶ አስራ አምስት ነው። ባንኩ በየወሩ ከክፍያው ላይ አስቀድሞ ባልተከፈለው ዋና ልክ ወለዱን ይቆርጣል፤ ዋናውን የሚነካው የተረፈው ብቻ ነው። መጀመሪያ ላይ ዋናው ትልቅ ስለሆነ ወለዱም ትልቅ ነው፣ የሚተርፈው ፍርፋሪ ነው። አስር ዓመት ሙሉ እታለም የከፈለችው ሦስት መቶ አስራ ስድስት ሺህ ብር ነው። ከዋናው የወረደው ሠላሳ ስድስት ሺህ ከምናምን። በአባቴ መሬት ከተበደርነው እንኳ ያንሳል። ገና መቶ ስልሳ ሦስት ሺህ ይቀራል። ሃያው ዓመት ሲያልቅ ለሁለት መቶ ሺህ ብር ስድስት መቶ ሠላሳ ሁለት ሺህ ከፍላ ትጨርሳለች።

የሚያቃጥለኝ ግን ይህ አይደለም። በመጀመሪያው ወር ከክፍያው በላይ መቶ ሠላሳ አምስት ብር ብትጨምር፣ ጭማሪው በቀጥታ ዋናው ላይ ያርፍ ነበር፤ የሚቀጥለው ወር ሥራ በዚያ ያልቅና ከመጨረሻው አንድ ሙሉ ወር ክፍያ ይቀርላት ነበር። መቶ ሠላሳ አምስት ብር። የመጽሐፉን ዋጋ ያዙልኝ ብያችሁ ነበር።

ተጨማሪ ብድሩ አልተፈቀደም። የሚታየው የቤቱ ዋጋ ሳይሆን የደመወዟ አቅም ነው፣ እሱም ሞልቷል ተባልን። አባቴ የሚባለውን ሁሉ በትራቸው ላይ ተደግፈው ሰሙና፣ ይሄም ያው ወለድ አገድ ነው አሉኝ። «ልዩነቱ ሞላ መሬቴን ያርሳል፣ ይሄ እኅትህን ያርሳል።» ከዚያ ልጅቷን መርቀው ወጡ። እታለም መንገድ ላይ፣ ቤቱን እንሽጠው አባባ፣ መሬትዎን ይውሰዱ አለቻቸው። «ከማድ ቤት ደግሞ ወዴት ልትገቢ?» አሏት። በዚህ አበቃ።

ጋሽ ሰይድ የሆነውን ሲሰሙ አስር ሺህ ብር ያለ ወለድ አበደሩን። በወረቀቱ ነገር አንድም ቃል አልተናገሩኝም፤ ቢናገሩኝ ይሻለኝ ነበር። ሠላሳ ሺህ ጎደለ።

ታኅሣሥ መጨረሻ ላይ፣ እህሉ ተወቅቶ ካበቃ በኋላ፣ አያ ሞላ አንድ ቁና ባቄላ ይዘው አባቴ ቤት መጡ። ከመሬትህ የተገኘ ነው፣ ቅመሰው ብለው ነው። ሊያማክሩን የፈለጉት ነገርም ነበር። ልጆቻቸው ከተማ ገብተዋል፣ እሳቸውም እርሻ ሰልችቷቸዋል፤ ደብረ ታቦር ውስጥ በባንክ ብድር ቤት ሊገዙ ነው። ስለዚህ ያላችሁን አስር ሺህ አሁን ስጡኝ፣ ቀሪውን በሁለት ዓመት ቀስ ብላችሁ ትመልሳላችሁ፣ መሬቱን ጥር ላይ እለቃለሁ አሉ። አባቴ ቀና ብለው ሲቀመጡ አየኋቸው። በሰባ አምስት ዓመታቸው እንደዚያ ሲቀመጡ አይቼ አላውቅም።

ከዚያ አያ ሞላ ወደ እኔ ዞሩ። አንተ ልጅ፣ የባንኩን ነገር ታውቀዋለህ አሉ፣ እስኪ አስረዳኝ፣ ደግ ነገር ነው ወይስ አይደለም?

አባቴ አዩኝ። ዝም በልም ተናገርም አላሉኝም። እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? ደግ ነው ብል መሬቱ ይመለሳል። አላውቅም ብልም ይመለሳል። አላውቅም ማለት ግን በሕይወቴ ተናግሬው የማላውቅ ቃል ነው። ደግሞም ምዕራፉን አንብቤዋለሁ፤ በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ የማስረዳው ነገር ገብቶኛል።

ካመጡት ቁና ሃያ ባቄላ አንስቼ ሰሌኑ ላይ ደረደርኩ። አስር ዓመት ከከፈሉ በኋላ ስንት የሚነሳ ይመስልዎታል? አልኳቸው። አስር አሉ። ሦስቱን አነሳሁ፣ አራተኛዋን በጥርሴ ነክሼ ሩቧን መልሼ አስቀመጥኩ። አያ ሞላ የቀረውን አስራ ስድስት ከሩብ ባቄላ ለረጅም ጊዜ አዩት። አንድ ጥያቄ እንኳ አልጠየቁም፤ የዚያን ያህል ጥሩ አድርጌ ነው ያስረዳሁት። ተነሱ፣ ጋቢያቸውን አስተካከሉ፣ እግዜር ይስጥህ፣ ከገደል መለስከኝ አሉኝ። ከተማው ይቅርብኝ፣ ይችኑ መሬት አርሼ ልሙት አሉና ሄዱ።

አባቴ ባቄላውን አንድ በአንድ ለቅመው ወደ ቁናው መለሱ። «አሁን ገብቶሃል» አሉኝ።

እናንተም ሞክሩት። የቤት ብድር ያላችሁ፣ ሊኖራችሁም ያሰባችሁ፣ ነገውኑ ባንክ ሂዱና የመክፈያ ሰንጠረዡን ሙሉውን አትሙልኝ በሉ። አትፈሩ፣ መጠየቅ አያስከፍልም። የመጀመሪያውን መስመር ብቻ አንብቡ፤ ከዋናው የሚወርደው ስንት ነው? ከቻላችሁ በዚያችው ወር ያችኑ ያህል ጨምራችሁ ክፈሉ። ከዚያ ሃያ ባቄላ ደርድራችሁ ለቤተሰቡ አስረዱ፤ በጉን ከማረዳችሁ በፊት። ባቄላ ከሌላችሁ አያ ሞላ ዘንድ ሂዱ። ዘንድሮ መሬታችን አብዝቶ ሰጥቷቸዋል።