ያለፉና የወደቁ

ወሬኛ ሰው የሚወድ የለም። ወሬኛ ኮምፒውተር ግን ሁላችንም እንወዳለን፤ እኔ እንዲያውም እንጀራዬን የምበላው እሱን ወሬኛ በማድረግ ነው። ጅዳ ውስጥ ፕሮግራም እጽፋለሁ። እናንተ በስልካችሁ የምትነካኩት መተግበሪያ እጃችሁ ከመግባቱ በፊት ኮምፒውተሩ ኮድ የምንለውን የጽሑፍ ትእዛዝ ቁርጥራጭ ራሱ ገጣጥሞ ይፈትነዋል። ይህን መገጣጠም እኛ ሙያተኞቹ «ግንባታ» እንለዋለን። ታዲያ ዝም ብሎ አይገነባም። የሠራውን ሁሉ እየመዘገበ የሚያሳውቅ ትንሽ ፕሮግራም አብሮት አለ፤ ይህን ጀመርኩ፣ ያንን ጨረስኩ፣ እዚህ ላይ ተሰናከልኩ ይላል። ሰውም እንዲህ ቢሆን ስንት ትዳር በዳነ! ወይም በፈረሰ።

ለሀገሬ ልጆች ወደ መካ የሚደረገውን የዑምራ ጉዞ ሥርዓት በአማርኛ የሚያስረዳ መተግበሪያ ጀምሬ ነበር፤ ስሙን «መካ» አልኩት። እግረ መንገዴን መዝጋቢውም በአማርኛ ያውራ ብዬ የእንግሊዝኛውን ቃላት አንድ በአንድ ተረጎምኩ። ውጤቱ በስልኬ በመልእክት እንዲደርሰኝም አደረግሁ። በትርጉሜ ኮርቼ ነበር።

አንድ ቀን ጠዋት ስልኬን ሳፋ ሰፈር ካለው ቤታችን ረስቼ ቢሮ ሄድኩ። ቤት የቀረችው እናቴ ናት። እናቴ ዘሐራ የወሎ ሰው ናት፤ እዚሁ ጅዳ፣ ሩዋይስ ሰፈር በሰው ቤት ስትሠራ ኖራ አሁን ከእኔ ጋር ትኖራለች። ወንድሟ ሰይድ ደግሞ መካ ውስጥ የሕንጻ ሠራተኛ ነው። ሁለቱ ከተኳረፉ ሰንብተዋል። እናታቸው ሀገር ቤት ስትሞት ሰይድ መርዶውን ለወራት ደበቃት። «ማዳም ቤት ብቻዋን ስታለቅስ ማን ያባብላታል ብዬ ነው» ይላል። እሷ «ለቅሶዬን ሰረቀኝ» ትላለች። ስሙ ከተነሳ ክፍሉን ጥላ ትወጣለች።

ረፋዱ ላይ ስልኬ ጮኸ። እናቴ መነጽሯን አድርጋ አነበበች፦ «የመካ ግንባታ ወድቋል። ያለፉ፦ አሥራ ሁለት። የወደቁ፦ ሦስት። ቀሪው ሥራ ተቋርጧል።»

ፈተናውን ያለፉ ማለቴ ነበር። እስቲ ይህን ለእሷ አስረዱልኝ!

መጀመሪያ እኔ ጋ ደወለች፤ ስልኩ እዚያው እጇ አጠገብ ጮኸ። ሰይድ ጋ ደወለች፤ አያነሳም። ዓባያዋን ደርባ፣ የሚሠራበትን ቦታ ከዘመድ በስልክ እየጠየቀች፣ የመካ ታክሲ ውስጥ ገባች። ሾፌሩ መንገድ ላይ ባሕራ ከተማ ለሻይ ልቁም ቢላት፣ «የምን ሻይ! ወንድሜ ሕንጻ ተንዶበት! ያላ!» አለችው። ምስኪኑ ሻዩን ረስቶ፣ አላህ ያትርፈው እያለ ነዳ።

ስትደርስ ሕንጻው ቆሟል። ሰይድም ሲሚንቶ እንደለበሰ ቆሞ ለምሳ እጁን ይታጠባል።

«እቴ ዘሐራ!» አለ ደንግጦ። «ማን ሞቶ ነው?»

«አንተ ነሃ!» አለችው። በቦርሳዋ ትከሻውን አንዴ ደለቀችውና አንገቱ ላይ ተጠመጠመች።

እኔ ማታ ቤት ስገባ እናቴ የለችም፤ ስልኬ ይጮሃል። እሷው ናት፣ በሰይድ ስልክ።

«ሰይድ ደህና ነው፣ አልሐምዱሊላህ» አለችኝ። «ግን የሞቱት እነማን ናቸው?»

መልእክቱን ከፍቼ አነበብኩት። «የሞተ የለም እማ። የወደቀው ኮድ ነው።»

 ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ምስኪን! የማን ልጅ ነው?» አለች።

ብዙ አስረዳሁ። ነገሩ ሲገባት ትጮህብኛለች ብዬ ጆሮዬን ከስልኩ አራቅሁ። እሷ ግን «ኸላስ፣ በቃ፤ አርብ መጥተህ ውሰደኝ» ብላ ዘጋችው።

አርብ መካ ሄድኩ። ሰይድና ሚስቱ የሚኖሩባት ክፍል በሯ ክፍት ነው። ወንድምና እህት ፍራሽ ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠዋል፤ የሁለቱም ዓይን አብጧል። ሌላ መልእክት ደረሳቸው እንዴ ብዬ ክው አልኩ።

«ደግሞ ምን ሆናችሁ?»

«ምንም» አለች እናቴ፣ ሰይድን ወደ ግድግዳው ገፋ አድርጋ ቦታ እያስለቀቀችልኝ። «ለእናታችን እያለቀስን ነው። ቁጭ በል።»

መኪናዬን ያቆምኩት ማቆም በተከለከለበት ቦታ ነበር። ጫማዬን አውልቄ ተቀመጥኩ።