ከጋራዡ ሥር የወረደው የማርያም መቀነት

መቼም ማጣራት የማይወድ ሰው የለም። ጠላው ይጣራል፣ ጠጁ ይጣራል፣ የተነጠረው ቅቤ ይጣራል። የሁላችንም ዓይን የተጣራው ላይ ነው። ብርሌው ጠርቶ ሲቀርብልን «እሰይ፣ ምን የመሰለ ነው!» እንላለን እንጂ፣ ማጣሪያው ላይ የቀረው ወዴት ሄደ ብሎ ባለቤቲቱን የጠየቀ እንግዳ እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም። የጠላው አተላ እንኳ ደህና ነው፤ ለአህያ ይሰጣል። የሞተርን አተላ ግን አህያም አይነካው። ታዲያ የት ይሄዳል? እናንተ ይህን አስባችሁ ባታውቁ አልፈርድባችሁም። እኔም በጣሊያን ጊዜ ልደታ ውስጥ ያየሁትን ባላይ ኖሮ አላስበውም ነበር።

ያን ጊዜ ጠመንጃ ያዥ ሰፈር አንዲት የስፌት መኪና ዘርግቼ የምተዳደር ልብስ ሰፊ ነበርሁ። የምተዳደር ማለቴ እንኳ ለወጉ ያህል ነው። ጎረቤት ወጥቶ ሲቀር «የት ሄደ?» ብሎ መጠየቅ በሚያስፈራበት ዘመን አዲስ ልብስ የሚያሰፋ ማን አለ? ሰዉ ያለችውን እያስጣፈ ነበር የሚለብሰው። ዋናው ደንበኛዬ፣ አትሳቁብኝና፣ የጭነት መኪና ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። ልደታ፣ ከቁልቁለቱ አናት ላይ፣ ሲኞር ጂኖ የሚባል ጣሊያናዊ ትንንሽ የጭነት መኪናዎች የሚጠገኑበት ጋራዥ ከፍቶ ነበር። ኦሊዮ የሚሉት የሞተር ዘይት ብረት ከብረት ሲፋተግ የሚወጣውን ድቃቂና ጥላሸት ሁሉ ስለሚሸከም ማጣሪያ ያስፈልገዋል። ሲኞር ጂኖ ከአገሩ ያመጣው ማጣሪያ ሲያልቅበት እኔ ከወፍራም አቡጀዲ በልኩ ከረጢት እየሰፋሁ አቀርብለት ጀመር። ከረጢቷ ስትጠግብ ወጥታ በርሜል ውስጥ ትቃጠላለች። ጭሷ ገመድ ላይ የተሰጣውን ነጠላ ሁሉ ያጠቁረው ስለነበር የሰፈሩ ሴቶች እኔን ሲያዩ በጎ ቃል አይወጣቸውም ነበር።

ከዚያ አቡጀዲው ከገበያ ጠፋ። ሲኞር ጂኖም የሽቦ ማጣሪያ አስመጣ፤ ወንፊት ነገር ናት፤ ስትቆሽሽ በቤንዚን ታጥባ ተመልሳ ትገጠማለች። ለእሱ ምርጫው ቀላል ነበር። በርሜሉ መጨስ አቆመ፣ ነጠላው ነጣ፣ ሴቶቹ ፈረንጁን መረቁት። የእኔ እንጀራ ተዘጋ። ወንፊቷ የታጠበችበት ጥቁር ቤንዚን ወዴት እንደሚደፋ ግን ማንም አልጠየቀም፤ ዓይን የሚያቃጥል ጭስ የለውማ።

ወንፊት የማጠቡ ሥራ የተሰጠው ለጎረቤቴ ለጋሽ ወልዴ ነበር። ጋሽ ወልዴ ረዘም ቀጠን ያሉ፣ ጾም የማያፈርሱ፣ ሐሰት ከአፋቸው የማይወጣ ሰው ነበሩ። ጣሊያኑ ዘንድ የገቡት ወደውት ሳይሆን ቤታቸው ባዶ ስለሆነባቸው ነው። ባለቤታቸው እትዬ ስንዱ ደጋግመው አርግዘው ደጋግሞ ወርዶባቸዋል። በዚያ ዓመት እንደገና አረገዙ፤ ፅንሱም ሁልጊዜ ከሚወርድበት ወር አለፈ። ባልና ሚስቱ ደስ ብሏቸው እንዳይታይባቸው ሲጠነቀቁ ማየት ያሳዝን ነበር። እትዬ ስንዱ እስኪወልዱ ድረስ በየማለዳው፣ ምንም ሳይቀምሱ፣ የማርያምን ጠበል ሊጠጡ ተሳሉ።

ጠበሏ ከጋራዡ ቁልቁለት ሥር፣ ከአንድ ቋጥኝ ሥር የምትፈልቅ ትንሽ ምንጭ ነበረች። አጠገቧ ጎጆ ቀልሰው የሚኖሩት እማሆይ ጽጌ ዙሪያዋን ያጸዳሉ፣ ለመጣው ሁሉ በቅል ይቀዳሉ።

መጀመሪያ የጠፉት እንቁራሪቶቹ ናቸው። ድሮ ማለዳ ማለዳ ጩኸታቸው ጠመንጃ ያዥ ድረስ ይሰማ ነበር። አንድ ጠዋት ጸጥ አሉ። በማግስቱም እንደዚያው። እኛ ልደታዎች ያን ጊዜ ድንገት ዝም ያለን ነገር ለምን ዝም አለ ብለን አንጠይቅም፤ ተምረናላ። ቀጥሎ ወፎቹ ወደ ምንጩ መውረድ ተዉ። የጎረቤታችን በቅሎ ውሃ ልትጠጣ ወርዳ፣ አፍንጫዋን ወደ ውሃው ካስጠጋች በኋላ አራት እግሯን ተክላ ቆማ ተንቀጠቀጠች። ባለቤቷ ቢጎትታት፣ ቢገርፋት፣ ከንፈሯን አላስነካም አለች።

ከዚያ በኋላ ነው መቀነቱ የታየው። ጭጋግ ከምድር ባልለቀቀበት አንድ ማለዳ፣ ዝናብ ሳይኖር፣ ፀሐይም ሳትወጣ፣ በሰማይ የምናውቀው የማርያም መቀነት ውሃው ላይ ተኝቶ ተገኘ። ቀዩ፣ ቢጫው፣ አረንጓዴው፣ ወይን ጠጁ፣ ሁሉም አለ። ነፋስ ሳይነፍስ ቀስ እያለ ይሳባል፣ ይሰፋል፣ ይጠበባል። እማሆይ ጽጌ ተንበረከኩ። እልል እንዳይሉ እልልታ የሰማ ወታደር ሽፍታ ገባ ብሎ ይተኩሳል፤ ስለዚህ መዳፋቸውን አፋቸው ላይ ጭነው በዝምታ እልል አሉ። ወሬው ሰፈሩን ሲያዳርስ ግማሽ ቀን አልፈጀበትም።

እኔም ሄድሁ። ማን ይቀራል? ጭጋጉ ውስጥ ነጭ የለበሰ ሰው ቆሟል። ሴቶቹ እየተራመዱ ይገባሉ፣ ከመቀነቱ በእፍኝ ይጨልፋሉ፣ ይጠጣሉ፣ ፊታቸውን ይቀባሉ። ከውሃው ወጥተው ሽቅብ ሲያዘግሙ ግን እርጥቡ ድንጋይ ላይ ዱካቸው ቀለም ነበረው። ተረከዙም፣ አምስቱም ጣት ሳይቀር፣ ሰማያዊና ወይን ጠጅ ሆኖ ይታያል፤ ሴትዮዋ ከሄደች በኋላ ዱካዋ ብቻውን ያብረቀርቃል። አማተብሁ። ከሰልፉ መካከል እትዬ ስንዱ ቅላቸውን በሁለት እጅ ይዘው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው ሲጠጡ አየኋቸው።

ተራዬ ደርሶ ጎንበስ ስል አንድ ሽታ አፍንጫዬን መታው። ሽታውን አውቀዋለሁ። ከረጢት ለማስረከብ ጋራዡ በሄድሁ ቁጥር ልብሴ ላይ ተጣብቆ አብሮኝ የሚመለስ ሽታ ነው። ሳልጠጣ ወጣሁና ቁልቁለቱን በቀጥታ ወደ ላይ ወጣሁት። ከጋራዡ ጀርባ ጋሽ ወልዴ ወንፊቷን ቤንዚን ውስጥ እያንቀጠቀጡ ያጥባሉ። ጥቁሩን እጣቢ ቁልቁል ለቀቁት። ጠርዝ ጠርዙ ላይ እየሳሳ ሲሄድ መቀነቱ ታየ።

«ጋሽ ወልዴ፣ እትዬ ስንዱ በየማለዳው የሚጠጡት ይሄንን ነው» አልኋቸው።

ቀና ብለው አዩኝ። «አንተ ልጅ፣ የከረጢቱ ሥራ ቀርቶብህ ነው አይደል?» አሉኝ።

ምን ልበላችሁ? የከረጢቱ ሥራ ቀርቶብኝ ነበር። እውነት ይዞ የመጣ ሰው ጥቅም ይዞ ከመጣ ሰው ጋር በአንድ ልብስ ሲገኝ ማን ያምነዋል? ዞሬ ስሄድ ግን የወንፊቷ መንቀጥቀጥ ሲያቆም ሰማሁ።

ጋሽ ወልዴ ነገሩን እንደምንም ለሲኞር ጂኖ አስረዱት። እሱም ሳቀና ምንጫችሁን ወደ ሌላ ቦታ ውሰዱት አላቸው። አላጥብም ማለት በዚያ ዘመን የት እንደሚያደርስ ታውቁታላችሁ። ስለዚህ ከጋራዡ ጀርባ ጥልቅ ጉድጓድ ቆፈሩ፤ እጣቢውን እዚያ እየደፉ አፈር ይመልሱበት ጀመር። ሁለታችንም ተገላገልን ብለን ተነፈስን።

መቀነቱ ግን አልሄደም። እንዲያውም አንድ ዝናብ ሲጥል ምንጩን አልፎ ቋጥኙን ተጠመጠመው። ጋሽ ወልዴ ወደ ሱቄ መጡ። በሩን ዘግተው፣ «ቀብሬዋለሁ እኮ! በገዛ እጄ ቀብሬዋለሁ። የተቀበረ ነገር እንዴት ተነሥቶ ይሄዳል?» አሉኝ። ዛሬ ማንም ጉድጓድ ቆፋሪ መሬት የጠጣችውን ይዛ እንደማትቀር ይነግራችኋል። ያን ዕለት ግን ወይ የእመቤታችን ምልክት ነው፣ ወይ ደግሞ ስሙን የማንጠራው ሌላ ነገር ነው ብለን ሁለታችንም ፈራን። እትዬ ስንዱ ከጠበል ሲመለሱ ያስመልሳቸው ጀምሯል። ከንፈራቸው ላይ ቀለም አለ። ተዉ ቢባሉ ደግሞ ስለት አፍርሼ ልጄን ልግደል እንዴ ብለው ያለቅሳሉ።

ሆዳቸው እየገፋ ሄዶ ቁልቁለቱን መውረድ ሲያቅታቸው ቅሉ ወደ ጋሽ ወልዴ እጅ ገባ። ያኔ ጋሽ ወልዴ፣ ሐሰት ከአፋቸው የማይወጣው ሰውዬ፣ የሠሩትን ሠሩ። ቅሉን አንግተው ከቤት ይወጣሉ፣ ምንጩን አልፈው ይሄዳሉ፣ ሰንጋ ተራ ይወርዳሉ፤ የከብት ነጋዴዎች በሬዎቻቸውን ከሚያጠጡበት ጉድጓድ ቀድተው ይመለሳሉ። እትዬ ስንዱ ከመጠጣታቸው በፊት ሁልጊዜ «የዛሬውስ መቀነቱ ነበረበት?» ብለው ይጠይቃሉ። «ነበረበት» ይላሉ ጋሽ ወልዴ። ይህን ሲነግሩኝ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ነበር። ማስመለሱ ቆመ። የሚያስመልሰው ነገር አሁን በጋሽ ወልዴ ሆድ ገባ መሰለኝ፤ ከቀን ቀን ይከሱ ነበር።

ልጅቱ ተወለደች። ሙሉ፣ ጤነኛ፣ ድምፀ ትልቅ። ድንቅነሽ ተባለች። ልደታ በደስታ ሰከረ፤ የመቀነቱ ጠበል ዝና ተክለ ሃይማኖት ሰፈርን አልፎ ተሰማ። ሴቶች የታመሙ ሕፃናት አዝለው ይጎርፉ ጀመር። አንድ ማለዳ ከጋሽ ወልዴ ጋር ቆመን፣ አንዲት እናት አላፈናፍን ብላ የልጇን አፍ ቀለሙ ላይ ስትደፋው አየን። ሕፃኑ እንደዚያች በቅሎ ይንቀጠቀጣል። ጋሽ ወልዴ ክንዴን ጨብጠው፣ «የእኔን ልጅ አድኜ የሰውን ልጅ ላስፈጅ ነው» አሉ።

በክርስትናው ድግስ ላይ ተነሡ። ቤቱ ጢም ብሏል፤ እማሆይ ጽጌ ሕፃኗን ታቅፈዋል። ጋሽ ወልዴ ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው፣ ባለቤታቸውን ሳያዩ፣ ሁሉንም ተናገሩት። መቀነቱ የመኪና ኦሊዮ መሆኑን፣ ወንፊቷን የሚያጥቡት እሳቸው መሆናቸውን፣ ይህች ልጅ የተወለደችው በሰንጋ ተራ የከብት ውሃ መሆኑን። ጉርሻ የያዘ እጅ ሁሉ አየር ላይ ቀረ። እትዬ ስንዱ ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ሳቡ። እኔ በሩ የት እንደሆነ በዓይኔ ፈለግሁ።

እማሆይ ጽጌ ሕፃኗን አየት አደረጉና እንባቸው ዱብ አለ። «አያችሁ የእመ ብርሃንን ሥራ?» አሉ። «ተከትላው ሰንጋ ተራ ድረስ ወረደች!»

ቤቱ በመዳፍ በታፈነ እልልታ ተናጠ። በማግስቱ ምንጩ ዘንድ ዝር ያለ ሰው አልነበረም። የከብት ነጋዴዎቹ ግን በሬዎቻቸውን እየነዱ ሲመጡ ነጭ የለበሰ ሰው ጉድጓዱን ከብቦ አገኙና ተራ እስኪደርሳቸው ቆሙ። ጋሽ ወልዴ የተናገሩትን አንድም ሰው አልሰማቸውም፤ የፈለጉት ነገር ግን ሆነላቸው። አንድም ሰው አልሰማቸውም ስል ከአንዲት ሰው በቀር ማለቴ ነው። እትዬ ስንዱ ስለ ነገሩ አንድ ቃል ሳይተነፍሱ፣ ከዚያ ቀን ጀምሮ እስኪያረጁ ድረስ የሚጠጡትን ውሃ ራሳቸው ነበሩ የሚቀዱት።

ጣሊያን ሄደ። ጋራዡም ፈረሰ፤ ሰው ቤት ሠራበት። ጋሽ ወልዴና እማሆይም አለፉ። የክረምቱ የመጀመሪያ ዝናብ ሲጥል ግን ያ መቀነት እስከ ዛሬ ከቋጥኙ ሥር ብቅ ይላል። ኦሊዮ እንደሆነ አውቃለሁ። አውቄም ነፋስ በሌለበት ሲንቀሳቀስ ሳየው አማትባለሁ። እንቁራሪቶቹ አልተመለሱም።

ባለፈው ክረምት እንደ ልማዴ ላየው ወርጄ አንዲት ነፍሰ ጡር ውሃው ዳር ቆማ አገኘሁ። ድንቅነሽ ነበረች። በእጇ የእናቷን ቅል ይዛለች፤ እግሯ እስከ ቁርጭምጭሚቷ ቀለሙ ውስጥ ነው።

«ጋሼ» አለችኝ ፈገግ ብላ፣ «እኔ የተወለድሁበት ጠበል ይሄ አይደል? ሰፈሩ ሁሉ የሚለው እንዲህ ነው። እናቴ ብቻ ናት ጠይቄያት የማትመልስልኝ።»

ኦሊዮ ነው ልላት አፌን ከፈትሁ። አባቷ በሰው መካከል ቆመው የተናገሩት ቃል የት እንደገባ ትዝ አለኝና ዘጋሁት።

«አይ ልጄ» አልኋት፣ «እመ ብርሃን እኮ ከዚህ ለቅቃ ሰንጋ ተራ ከወረደች ቆየች። እዚያ ነው ያንቺ።»

ጉድጓዱ ተደፍኖ ዛሬ ቦታው ላይ የቦኖ ውሃ ነው ያለው። አልነገርኋትም። ቅሏን ገለበጠች፣ እጄን ሳመችና ደስ ብሏት ሽቅብ ሄደች። እርጥቡ ድንጋይ ላይ ባለ ቀለም ዱካዋ ቀረ፤ እኔም እስኪጠፋ ልጠብቅ ብዬ ቆምሁ፣ አልጠፋም፣ ዝናቡ መጣና ጥዬው ገባሁ።