ክቡር መራጭና የቅዳሜዋ መስኮት

አሜሪካ ውስጥ ፕሬዚዳንቱን የሚመርጠው ሕዝቡ ነው ብሎ የሚያምን ሰው ካለ፣ ክቡር ኦርቪል ሃውገንን አያውቃቸውም ማለት ነው። ታድሏል፤ ሳያውቃቸው ይኑር። በየግዛቱ፣ በየትንሽ ከተማው እንደ እሳቸው ያለ አንድ ሰው አይጠፋም። ጡረታ የወጣ ነው። ደረት ኪሱ ውስጥ ዳር ዳሯ ያለቀ የሕገ መንግሥት መጽሐፍ አለችው። አንድ ጊዜ፣ በአንድ የታኅሣሥ ቀን፣ ስሙን ስድስት ቦታ ፈርሟል። ከዚያ ወዲህ ለጎረቤቶቹ ሰላም የለም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሕዝቡ በኅዳር ወጥቶ ድምፁን ይሰጣል። ከዚያ ያሸነፈው ፓርቲ አስቀድሞ የሰየማቸው ወኪል መራጮች በታኅሣሥ በየግዛታቸው ዋና ከተማ ይሰበሰቡና ፕሬዚዳንቱን ይመርጣሉ። የእኛ ግዛት ከሰው ይልቅ ከብት የሚበዛባት ስለሆነች የሚደርሷት መራጮች ሦስት ብቻ ናቸው። ክቡር ኦርቪል ሁለት ጊዜ ከሦስቱ አንዱ ሆነዋል። ሥራው ሃያ ደቂቃ ይፈጃል፤ ወሬው ግን እነሆ አሥራ ስድስት ዓመቱ።

ይህን ወሬ ከሁሉም በላይ የተሸከመችው ቬርና ሉንድ ናት። ቬርና የከተማችን የሊንዳል ፖስታ ቤት ኃላፊ ናት፤ ጸሐፊዋም፣ ጠራጊዋም፣ ደጃፉ ላይ የተከመረውን በረዶ ዛቂዋም እሷው ናት። ሌላ ሠራተኛ የለም። ሌላው የከተማ ሰው ክቡርነታቸውን ከሩቅ ሲያይ መንገድ ይቀይራል። ምግብ ቤት ውስጥ ከደረሱበት የድንች ቂጣውን በናፕኪን ጠቅልሎ ውልቅ ይላል። ቬርና ግን የት ትሄዳለች? ሠላሳ አንድ ዓመት ከዚያች መስኮት ጀርባ ቆማለች፤ መስኮት ደግሞ አይሮጥም።

ጠዋት ፖስታ ቤቱ እንደተከፈተ ይመጣሉ። አሥራ ሁለት ቁጥር ሳጥናቸውን ከፍተው ከዘር ነጋዴዎች ማስታወቂያ በቀር ምንም እንደሌለ ያረጋግጣሉ። ቀጥሎ ክርናቸውን መስኮቷ ላይ ያሳርፉና ወደ ሰልፉ ይዞራሉ።

«እናንተ ፕሬዚዳንት የመረጣችሁ ይመስላችኋል» ይላሉ። «የመረጣችሁት እኮ እኔን ነው።»

ማስረጃ አላቸው። በእኛ ግዛት የድምፅ መስጫ ወረቀት ላይ፣ ከፕሬዚዳንቱ ስም በታች፣ የመራጮቹም ስም ጉንዳን በሚያህል ፊደል ይታተማል። ክቡርነታቸው ያን ወረቀት በላስቲክ አሽገው፣ ከአንድ የማጉያ መነጽር ጋር ይዘው ይዞራሉ። መነጽሩን እጅዎ ላይ አስቀምጠው ስሙን እስኪያነቡላቸው ድረስ ንቅንቅ አይሉም። አንድ ቀን ለእናቷ የልደት ኬክ ልትልክ የመጣች ሴት፣ ኬኩ ክንዷ ላይ እየቀለጠ፣ ስማቸውን ሁለት ጊዜ ጮክ ብላ አንብባ ነው የተለቀቀችው። ቤት የሚቆመው በጣራው ሳይሆን በመሠረቱ እንደሆነም አስረድተዋታል።

የበረዶውስ ነገር! ለመጀመሪያ ጊዜ ሊመርጡ ሲሄዱ መንገድ ላይ በረዶ ይዟቸው ነበር። ያኔ የነገሩን በረዶ ቁርጭምጭሚት ድረስ ነው። በሁለተኛው ዓመት ጉልበት ደረሰ። ባለፈው ፋሲካ የስልክ እንጨት ውጧል።

ለቬርና ደግሞ ለብቻዋ የተቀመጠ ድርሻ አላት። ሰልፉን ካሰናበቱ በኋላ ወደ እሷ ይዞሩና ያችን የሕገ መንግሥት መጽሐፋቸውን በጣታቸው መታ መታ እያደረጉ፣ ለቅሶ ሊደርስ እንደመጣ ሰው ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጋሉ።

«አንቺ ግን ቬርና፣ በሕይወትሽ መራጭ መሆን አትችይም። የፌዴራል መንግሥት ሠራተኛ ነሽ። ሕጉ አይፈቅድም።»

ይህን የምትሰማው ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አንድ ዴስክ ላይ አብሯት ከተማረ ሰው አፍ ነው። መልሷ አሥራ ስድስት ዓመት ሙሉ አንድ ነበር።

«እሺ ኦርቪል። ቴምብር ትፈልጋለህ?»

ዘንድሮ ለሦስተኛ ጊዜ ሊሄዱ ነበር። በሐምሌው የፓርቲ ጉባኤ ላይ ወጣቶቹ ወንበሩን ለሌላ ሊሰጡት ከጅለው ነበር፤ ክቡርነታቸው ብድግ ብለው «ለመጨረሻ ጊዜ ነው» ሲሉ፣ በቃ፣ ተዉላቸው። ሰባ ሦስት ዓመታቸው ነው። ሟች ሚስታቸው የገዛችላቸውን ሰማያዊ ከረቫት አውጥተው ተኩሰዋል። ሙሉ ልብሱንም ልብስ ሰፊ ጋ ወስደው አስጠብበዋል፤ ሰውነታቸው ሟሙቷልና።

በዚያው ወራት የቬርና ጉልበት ጨርሶ አስቸገረ። ደረጃ ስትወጣ እንደ አሮጌ በር ይንጫጫል። ሐኪሙ ሦስት ዓመት ሲለምናት ኖሮ በመጨረሻ ለጥር የቀዶ ሕክምና ቀን ቆረጠላት። ነገር ግን ሁለት ወር የሚተካት ሰው ካልተገኘ መስኮቷ ትዘጋለች፤ የከተማው ሰው ሁሉ ደብዳቤውን ከአርባ ማይል ማዶ ሊያመጣ ነው። በሩ ላይ ማስታወቂያ ለጠፈች። አንድም ሰው አልመጣም። ወጣቶቹ ከተማውን ለቀዋል፤ ሽማግሌዎቹ ጉልበታቸው ከእሷም የባሰ ነው።

አንድ ጠዋት ክቡር ኦርቪል ክርናቸውን ሳያሳርፉ ቆመው፣ ያ ማስታወቂያ አሁንም እንዳለ ጠየቁ። ቅዳሜ ቅዳሜ እየሠሩ ይለማመዳሉ፤ በጥር ደግሞ ሙሉውን ይይዙላታል። ቬርና በልቧ፣ አምላኬ ሆይ፣ ከመስኮቱ ፊት አልበቃው ብሎ አሁን ደግሞ ከኋላ ሊመጣብኝ ነው አለች። ግን ምን ምርጫ አላት? ቅጹን ሰጠቻቸው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር መታወቅ አለበት። ክቡርነታቸው መሐላ ይወዳሉ። ለእሳት አጥፊ በጎ ፈቃደኝነት ምለዋል፤ ለቤተ መጻሕፍቱ ኮሚቴ፣ ለቤተ ክርስቲያኑ ጉባኤ፣ አንድ ጊዜ ደግሞ ለዱባ ውድድር ዳኝነት ምለዋል። የፖስታ ቤቱ ቅጽ ላይ ቃለ መሐላ የሚል ቃል ሲያዩ ፈርሞ መሄድ እንዴት ይሆንላቸዋል! ባርኔጣቸውን አወለቁ፤ ሰልፍ ላይ የነበሩትን ሦስት ሰዎች ምስክር አደረጉ፤ በግራ እጃቸው ያችኑ የሕገ መንግሥት መጽሐፍ ይዘው ቀኝ እጃቸውን አነሡ። ቬርና እያዛጋች ቃሉን አነበበችላቸው፤ እሳቸው ሳጥኖቹ እስኪንቀጠቀጡ ድረስ ደገሙት። እሷም ቅጹን በማኅተም መታችው።

ቅዳሜዎቹ ክፉ አልነበሩም። እቃ ሲመዝኑ ቀርፋፋ ናቸው፤ ግን የአሮጊቶቹን ጥቅል መኪና ድረስ ይሸከማሉ። እርግጥ ነው፣ እስከ መኪናው ድረስ ወሬው አለ።

ኅዳር መጣ፤ ፓርቲያቸው አሸነፈ። በሳምንቱ ከዋና ከተማው የአደራ ደብዳቤ ደረሰ። ክቡርነታቸው መስኮቷ ላይ ፈርመው ተቀበሉና እዚያው ቀደዱት፤ ለሰልፉም ጮክ ብለው ያነቡለት ጀመር። «ለክቡር ኦርቪል ሃውገን» የሚለውን ሁለት ጊዜ አነበቡ። የግዛቱ ነዋሪ ነዎት? አዎ! በቀጠሮው ቀን ይገኛሉ? እንዴታ! በአሁኑ ጊዜ በፌዴራል መንግሥት ሥር ማናቸውንም ሥራ...

«ቀጥል እንጂ፤ ምን ሆንክ?» አለች ቬርና ከሚዛኑ ቀና ሳትል።

ደብዳቤውን አጣጠፉት፤ እንደገና አጣጠፉት፤ ኪሳቸው ከተቱት። ማንንም ሳይሰናበቱ ወጡ። የማጉያ መነጽራቸው መስኮቷ ላይ ቀረ።

ቬርና ነገሩ የገባት እኩለ ቀን ላይ፣ አንድ ፖስታ በማኅተም ልትመታ እጇን እንዳነሣች ነው። ወይኔ አለች። ያስማለቻቸው እሷ ናት። አሥራ ስድስት ዓመት በየጠዋቱ ፊቷ ላይ የተነበበውን አንቀጽ፣ ከሰው ሁሉ መርጠው ለእሷ ሲነግሯት የኖሩትን፣ አንድ ቀን እንኳ ጆሮ ሰጥታው ብታውቅ ኖሮ! እሳቸውም ቢሆኑ ሲምሉ እጃቸው ላይ የነበረችው ያችው መጽሐፍ ናት።

ሥራ ስትጨርስ መነጽሩን ይዛ እቤታቸው ሄደች። ሙሉ ልብሱ ወጥ ቤቱ በር ላይ ተንጠልጥሏል። «ዋና ከተማው ደውዬ ጠየቅኳቸው፤ ቅዳሜም ይቆጠራል አሉኝ» አሏት ክቡርነታቸው።

«ሥራውን ልቀቅ» አለች ቬርና። «ነገውኑ ልቀቅ።»

«እኔ ተመልሼ እስክቀጠርም ሆነ ሌላ ሰው እስኪሰለጥን አራት ወር ነው። መስኮቷ ትዘጋለች።»

«ጉልበቴን አቆየዋለሁ።»

«ሦስት ዓመት አቆየሽው። ደረጃዋን ስትወጪ አያለሁ እኮ ቬርና።»

እሷ ማንም የሚያያት አይመስላትም ነበር። ሆዷ ባባ፤ ስለዚህም ተቆጣች።

«እንግዲያው የለኝም ብለህ ጻፍ! ቅዳሜ ለሦስት ሰዓት ያህል ቴምብር ስለሸጥክ ማን ያውቅብሃል?»

ክቡር ኦርቪል ሳቃቸው መጣ።

«ማን ያውቃል ትያለሽ? ይችን አንቀጽ ለከተማው ሁሉ ሳስጠና የኖርኩት እኔ ነኝ። የእንስሳት ሐኪሙ እንኳ በቃሉ ያውቃታል።»

እውነት ነው። ሁላችንም በቃላችን እናውቃታለን።

በማግስቱ ጠዋት ከመራጭነት መልቀቂያቸውን በፖስታ አሽገው መጡ። በአደራ እንዲላክ ፈለጉ። ሲመርጡ የተሰጣቸውንና እንደ ዓይናቸው ብሌን የሚጠብቁትን ብዕር አውጥተው የላኪውን ስም ጻፉበት። ቬርና መዘነችው። ከሳጥኖቹ ጀርባ ብትጥለው ማንም አያገኘውም፤ ስማቸው ከዝርዝሩ ሳይወጣ የቀጠሮው ቀን ይደርሳል፤ እሳቸውም ይሄዳሉ። ሠላሳ አንድ ዓመት አንድ ደብዳቤ ጥላ አታውቅም፤ አሁን ግን እጇ ከሚዛኑ አልነሣ አለ።

«አትሚው እንጂ» አሉ ክቡርነታቸው በቀስታ።

መታችው።

«ደብዛዛ ነው። ድገሚው።»

ደገመችው። የሦስት ሰዓቱ መኪና ወሰደው።

ከዚያ በኋላ ፖስታ ቤቱ ጸጥ አለ። ክቡር ኦርቪል ይመጣሉ፤ ሳጥናቸውን ይከፍታሉ፤ ራሳቸውን ነቅነቅ አድርገው ይወጣሉ። አሥራ ስድስት ዓመት ይችን ጸጥታ የተመኘን ሰዎች፣ ስናገኛት የምንገባበት ጠፋን። ሰልፉ ቶሎ ቶሎ ይሄዳል፤ ሁሉም መሬት መሬት ያያል። ቬርና መነጽሩን ብትመልስላቸውም ኪሳቸው ውስጥ እንደተቀበረ ቀረ። በእሳቸው ቦታ ከሰሜን የመጣ አንድ የጥርስ ሐኪም ተሰይሟል ተባለ። ስሙን ማንም አልጠየቀም።

የቀጠሮው ቀን ማክሰኞ ነበር። ልክ እኩለ ቀን ላይ፣ የሦስት ሰዓት መንገድ ማዶ ያሉት ሦስቱ መራጮች በሚቀመጡበት ሰዓት፣ ክቡር ኦርቪል ሳጥናቸውን ከፈቱ። አምስት ሰዎች ተሰልፈዋል። ሁሉም ግድግዳው ላይ ያለውን ሰዓት አየ፤ ሁሉም እንዳላየ ሆነ። ክቡርነታቸው የዘር ማስታወቂያቸውን ብብታቸው ሥር አድርገው ወደ በሩ ዞሩ። ሰማያዊው ከረቫት አንገታቸው ላይ ነበር።

ቬርና ከረቫቱን አየችው።

«ኦርቪል» አለች። «መራጮቹ ስንት ወረቀት ነው የሚፈርሙት?»

ሰልፉ በሙሉ ዞሮ አያት። አንድም ሰው ጠይቋቸው አያውቅም፤ መጠየቅ አስፈልጎ አያውቅማ።

«ስድስት» አሉ ከበሩ ሳይርቁ። «ታውቂያለሽ እኮ።»

«ረሳሁት። ለምን ስድስት ሆነ?»

ክቡርነታቸው ትንሽ ቆሙ። ከዚያ ተመለሱ፤ ማስታወቂያውን አስቀመጡ፤ ክርናቸውን መስኮቷ ላይ አሳረፉ። አንዱ ለሴኔቱ ፕሬዚዳንት ነው፤ ሁለቱ ለብሔራዊው መዝገብ ቤት፤ ሁለቱ ለግዛቱ ጸሐፊ፤ አንዱ ለዳኛው። ሰልፉ ላይ የነበረችው የኬኳ ሴት «በረዶውስ እንዴት ነበር?» አለቻቸው። በዚያ ቀን በረዶው የቤተ ክርስቲያኑን ጉልላት ዋጠ። አርባ ደቂቃ አወሩ፤ ከሰልፉ የወጣ ሰው የለም።

ሲጨርሱ እንደ ልማዳቸው መጽሐፏን አውጥተው ወደ ቬርና ዞሩ።

«አንቺ ግን ቬርና፣ በሕይወትሽ መራጭ መሆን...»

አፋቸው ላይ ቀረ። ክቡር ኦርቪል መጽሐፏን አዩ፤ እሷን አዩ፤ ከዚያ ቀስ ብለው ደረታቸውን እየነፉ ወደ ሰልፉ ዞሩ።

«እኔና ቬርና መራጭ መሆን አንችልም» አሉ። «የፌዴራል መንግሥት ሰዎች ነን። ሕጉ አይፈቅድልንም።»

ቬርና ይህንንም እስከ ዕድሜ ልኳ በየጠዋቱ ልትሰማው እንደሆነ ወዲያው ገባት። ዓይኗን በእጅጌዋ ጠረገች።

«እሺ ኦርቪል» አለች። «ቴምብር ትፈልጋለህ?»