ክብርት ቅድመ ዝግጅት ወደ ሌዘር ሲሄዱ

የጽዳት ሠራተኛዋ ከመምጣቷ በፊት ቤቱን አጽድቶ የሚጠብቅ ሰው ከየቤተሰቡ አንድ አይጠፋም። በእናንተ ቤት ከሌለ ራሳችሁ ናችሁ ማለት ነው፤ ቅር እንዳትሰኙ እንጂ ነገሩ የተረጋገጠ ነው።

የእኛ ቤተሰብ ይህን ሥልጣን ያለ ተቀናቃኝ ለታላቅ እህቴ ሰጥቷል። ፊት ለፊት "እትዬ" እንላታለን። ከጀርባዋ ግን ሙሉ ማዕረጓ "ክብርት ቅድመ ዝግጅት" ነው። ክብርትነታቸው ፀጉር ቤት የሚሄዱት ፀጉራቸውን ታጥበውና አበጥረው ነው። ጫማ ጠራጊ ፊት እግራቸውን የሚዘረጉት ጫማውን በመሐረብ ወልውለው ነው። የተቀደደ ቀሚስ ለልብስ ሰፊ ሲወስዱ ቀዳዳውን እቤት ጠቀም ጠቀም ያደርጉታል፤ ሰውየው ሥራውን የሚጀምረው የእሳቸውን ስፌት በመተርተር ነው። "ምነው እናቴ፣ እንዳለ ቢያመጡልኝ?" ሲላቸው በኀፍረት ይሸማቀቃሉ። "ተቀዶ? እንዴት አድርጌ!"

አንድ ጊዜ ኃይለኛ ትኩሳት ይዟት ሐኪም ቤት ይዣት ሄድኩ። ወረፋ ስንጠብቅ ከቦርሳዋ ማስታገሻ አውጥታ ዋጥ አደረገች። ሐኪሙ ሙቀቷን ለካ፣ ደረቷን አዳመጠ፣ "ደህና ነዎት" ብሎ ሸኛት። ታክሲ ውስጥ ጥርሷ እየተንገጫገጨ፣ "እትዬ፣ ለምን ዋጥሽው?" ብላት፣

"ታዲያ እንዲያ ሆኜ ሰው ፊት ልቅረብ?" አለችኝ።

ይህች ዓረፍተ ነገር የእህቴ ብሔራዊ መዝሙር ናት።

አሁን ወደ አገጩ እንምጣ። የእኛ ቤት ሴቶች ዕድሜያችን ገፋ ሲል አገጫችን ላይ ፀጉር ይበቅላል፤ ጥቁር፣ ጠንካራ፣ ማንንም የማይፈራ ፀጉር። እኔም አለኝ። የእኔዎቹ ጥቂት ስለሆኑ በመልክ ለይቼ አውቃቸዋለሁ። የእትዬ ግን ማኅበር ነው። በየማለዳው መታጠቢያ ቤት ገብታ በሩን ትቆልፍና በወረንጦ አንድ በአንድ ትለቅማቸዋለች። ስትወጣ አገጯ የተላጠ እንቁላል ነው። ባሏ ሰዓት ሠሪ ነው፤ ጋሼ እንለዋለን፣ ዝም ያለ ሰው ነው። ከተጋቡ ጀምሮ አንዲት ዘለላ ፀጉር እንዳላየባት እርግጠኛ ነበረች። "ቢያውቅ ምድር ትዋጠኝ" ትለኝ ነበር።

ግን ያ ሁሉ ዓመት መንቀል ዋጋ አስከፍሏታል። ቆዳዋ ጠቋቁሯል፤ አንዳንዱ ፀጉር መውጫ አጥቶ ውስጥ ለውስጥ እየተጠመዘዘ ይመግላል። ቁስሉን በፊት ዱቄት ትሸፍነዋለች፣ ዱቄቱ ደግሞ ቁስሉን ያባብሰዋል። እንዲህም ሆኖ ትኖር ነበር፤ ልጇ ባታረግዝ ኖሮ።

ልጅቱ ስትወልድ እትዬ እሷ ዘንድ ሄዳ ልታርሳት ነው። እዚያ ቤት ያለው አንድ መታጠቢያ ቤት ነው፣ ቁልፉ ደግሞ ተሰብሯል። ከዚህም በላይ ሌላ ጭንቀት ነበረባት። "ሕፃኑን አንገቴ ሥር አስደግፌ ማስተኛት እፈልጋለሁ" አለችኝ አንድ ቀን፣ አገጯን በእጇ ሸፍና። "በዚህ እሾህ? አፉን ሲፈታ የመጀመሪያ ቃሉ 'ትወጋኛለች' ይሁን?"

ስለዚህ ሌዘር ተወሰነ። ቆዳ ክሊኒክ ደውዬ ቀጠሮ ያዝኩላት። ስለ ዝግጅቱ የነገርኳት ነገር የለም። ለእሷ ስለ ዝግጅት መንገር ለዓሣ ዋና ማስተማር መስሎኝ ነው።

በቀጠሮው ቀን ክብርትነታቸው ታጥበው፣ ቅባት ተቀብተው፣ ሽቶ ተርከፍክፈው ደረሱ። ባለሙያዋ ወጣት ልጅ ናት፤ ነጭ ጋዋን ለብሳ፣ ፀጉሯን ወደ ኋላ አስራ። መብራቱን ወደ እትዬ አገጭ ሳበች። ወደ ግራ አየች፣ ወደ ቀኝ አየች።

"እናቴ፣ ፀጉሩ የታለ?"

"አጸዳሁልሽ!" አለች እትዬ፣ እንደ ተሸላሚ ፈገግ ብላ። "ዛሬ ጠዋት አንድ ሳላስቀር ነቀልኩት። አንቺ እንዳትቸገሪ ብዬ ነው።"

ልጅቷ መብራቱን ቀስ ብላ አጠፋች። "እናቴ፣ ሌዘር ብርሃን ነው። ፀጉሩን ተከትሎ ነው ወደ ሥሩ የሚወርደው። ከሥሩ ነቅለው ከመጡ ምኑን ይዞ ይውረድ?"

ከዚያ በትዕግሥት አስረዳቻት። አንድ ወር ያህል ወረንጦ የለም፣ ሰም የለም፣ ክር የለም። በቀጠሮው ዋዜማ ፀጉሩ በምላጭ ይላጫል፤ ምላጭ ላዩን ይወስድና ሥሩን ይተዋል። ቀጠሮው ዕለት ደግሞ አገጩ ታጥቦ ባዶውን ይመጣል፤ ቅባትም፣ ሽቶም፣ ዱቄትም አይነካውም።

እትዬ ከዚህ ሁሉ የሰማችው አንዲት ቃል ብቻ ነው። "ምላጭ? አገጬ ላይ? ጭራሽ ጢም አውጪ በይኛ! በምላጭ የተነካ እንደሚወፍር አታውቂም?"

"እሱ ወሬ ነው እናቴ። ጫፉ ስለሚቆረጥ ሲዳስሱት ይከረክራል እንጂ አይወፍርም።"

ለሁለተኛው ቀጠሮ እትዬ የወሩን አጋማሽ እንደ ጀግና ተሻገረች። ከዚያ የልጇ አማቶች ሳይነግሩ ቡና ሊጠጡ መጡ። በሩ ሲንኳኳ እትዬ ወደ በሩ ሳይሆን ወደ መታጠቢያ ቤት ሮጠች። እዚያ ያደረገችውን ያን ጊዜ አልነገረችኝም። እኔ የማውቀው ለቀጠሮው ታክሲ ውስጥ ጎን ለጎን ስንቀመጥ አገጯን በቆረጣ አይቼ ግራ መጋባቴን ነው። ፀጉሩ አለ። ግን ሥርዓት በዛበት፤ እንደ ችግኝ በመስመር በመስመር የተተከለ ይመስላል።

ባለሙያዋ እርጥብ ጥጥ አነሳችና አገጩን ጠረግ አደረገች። ጥጡ ጠቆረ። አገጩ ነጣ።

ልጅቷ ጥጡን ወደ መብራቱ ጠጋ አድርጋ አየችው።

"እናቴ… ፀጉርዎ እጄ ላይ መጣ።"

የቅንድብ እርሳስ ነበር። "ምን ላድርግ ታዲያ" አለች እትዬ፣ ጣሪያውን እያየች። "ፀጉር ይዘሽ ነይ ተብዬ ባዶዬን ሰው ፊት ልቅረብ?"

ልጅቷ ሳቋን ልትውጠው ሞከረች፣ እምቢ አላት፤ ወንበር ስባ ቁጭ አለች። እኔም ቦርሳዬን አፌ ላይ ደፍኜ ተንፈቀፈቅሁ። እትዬ ራሷ መጨረሻ ላይ ፈገግ አለች። ሳቁ ሲበርድ ግን ልጅቷ ቁስሉን በጣቷ ዳሰሰችና ፊቷ ተለወጠ።

"ይህ እኮ እያመረቀዘ ነው። ሌዘሩ በአንድ ቀን የሚያልቅ አይደለም፣ ብዙ ዙር ይፈልጋል። ልጅዎ ከመውለዷ በፊት መጀመር ካለብን የሚቀጥለው ቀጠሮ የመጨረሻ ዕድላችን ነው። እንደገና ከነቀሉት ግን ልረዳዎት አልችልም።"

መንገድ ላይ እትዬ ድንገት ቆመች። "ልተወው" አለችኝ። ዓይኗ እንባ አቅርሯል። "ፀጉር አብቅዬ ወር ሙሉ ባሌ ፊት? አልችልም። ሕፃኑን ሌላ ሰው ያስተኛው።"

ምንም ብላት የምትሰማ አልመሰለኝም ነበር። በማግስቱ ግን ወረንጦውን በፖስታ አሽጋ ለእኔ ሰጠችኝና ማስክ አጠለቀች። የሐኪም ቤቱን ዓይነት፣ ሰማያዊውን። ለሚጠይቃት ሁሉ "ጉንፋን ይዞኝ ነው" ትላለች። ማስኩን ሳታወልቅ ታበስላለች፣ ሳታወልቅ ትተኛለች፤ ስትበላ ደግሞ በታች በኩል ገለጥ አድርጋ ማንኪያውን እንደ ደብዳቤ ታሾልከዋለች።

ቀጠሮው ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው አንድ ከሰዓት በኋላ ጋሼ እኔ ቤት መጣ። ቆቡን በእጁ ይዞ በሩ ላይ ቆመ። በሕይወቱ ሳይጋበዝ እኔ ቤት መጥቶ አያውቅም።

"የምትደብቁኝ ምንድነው?" አለኝ። "ክሊኒክ ስትገቡ አይቻችኋለሁ። ስልክ ላይም ስለ ጨረር ስታወሩ ሰምቻለሁ። ፊቷን ካየሁት ወር ሊሞላኝ ነው።" ቆቡን በእጁ አዟዟረ። "ልትሞትብኝ ነው?"

ለማንም እንዳልናገር ምዬላት ነበርና መናገር አልቻልኩም። "ጋሼ፣ ራሷን ጠይቃት" ብቻ አልኩት።

"ነይ እንግዲያው፣ ብቻዬን አልችለውም።"

ስንደርስ እትዬ ወደ ላውንደሪ የሚላከውን ልብስ ቀድማ እያጠበች ነበር። ጋሼ ቀጥ ብሎ ፊቷ ቆመ።

"አውልቂው።"

"ጉንፋኑ እንዳይጋባብህ…"

"የምን ጉንፋን ነው ወር ሙሉ! ክፉ በሽታ ከሆነም ክፉ በሽታ ነው በይኝ፤ አብረን እንገባበታለን!"

እትዬ ወደ እኔ ዞረች፤ ዓይኗ ብቻ ነው የሚታየው፣ ግን ዓይን በቂ ነው። "ምን ብለሽው ነው?"

"ኧረ ትንፍሽ አላልኩም!"

ከዚያ የባሏን ፊት አየች። የፈራ ሰው ፊት ነበር። የሳሙና አረፋውን ከእጇ በቀሚሷ ጠረገችና የማስኩን ላስቲክ ከአንዱ ጆሮዋ ላይ አወጣች። በዕድሜዬ ሙሉ እህቴን ሳትዘጋጅ ሰው ፊት ቆማ ያየኋት ያን ቀን ነው።

ጋሼ መነጽሩን ወደ አፍንጫው ዝቅ አደረገ። ሰዓት ከፍቶ እንደሚያይ ጠጋ ብሎ አየ።

"ይኼ ነው?"

"ይኼ ነው" አለች፣ ዓይኗን ጨፍና።

ጋሼ አጠገቡ ያለው በርጩማ ላይ ዘጭ ብሎ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ትከሻው ይንቀጠቀጣል። የሚያለቅስ መስሎን ተደናገጥን፤ እጁን ሲያነሳ እየሳቀም እያለቀሰም ነበር።

"አንቺ ሴትዮ፣ ይኼንንማ አውቀዋለሁ እኮ!"

"ከየት አውቀህ?"

"የወረንጦሽ አፍ ሲዛነፍ ማን የሚያቃናው መሰለሽ? ሱቅ ወስጄ እሞርደውና ሳትነቂ ቦታው እመልሰዋለሁ።"

እትዬ ወደ መታጠቢያ ቤቱ ዞር ብላ አየች። "እኔ እኮ… ጥሩ ዕቃ ገዝቼ ነው ብዬ።"

"ምን ጥሩ ዕቃ አለው፣ ቆርቆሮ ነው!"

"ታዲያ ለምን አልነገርከኝም?"

ጋሼ መነጽሩን አውልቆ ጠረገ። "በር ቆልፈሽ የምትሠሪውን ምን ብዬ ላንሳብሽ? ጨርሰሽ ስትወጪ ደስ ብሎሽ ነው የምትወጪው። እኔ የምፈልገው እሱን ነበር።"

እትዬ ዞር ብላ የታጠበውን ሸሚዝ እንደገና ማጠብ ጀመረች።

በዋዜማው ጋሼ ራሱ ላጫት። መስኮት ሥር ወንበር አስቀመጠላት፣ ለብ ያለ ውኃ አቀረበ፣ አዲስ ምላጭ ከመጠቅለያው አወጣ። የእኔ ሥራ ፎጣ መያዝ ነበር። እትዬ እንደ ልማዷ ልታዛዝ ሞከረች፤ "ሳሙናው በዛ፣ በዚህ በኩል ጀምር፣ ቁስሉን…"

"ከንፈርሽን ሰብስቢ። ካወራሽ እቆርጥሻለሁ።"

ከንፈሯን ሰበሰበች። ቁስሎቹን ዙሪያ ዙሪያቸውን እየዞረ፣ ትንፋሹን ይዞ፣ ፀጉሩ ወዳዘነበለበት እየሳበ ጨረሰ። አንዲት ጠብታ ደም አልወጣትም።

በማግስቱ እትዬ ቅባት ሳትቀባ፣ ሽቶ ሳይነካት ክሊኒኩ አልጋ ላይ ወጣች። ባለሙያዋ መብራቱን ሳበች። እኔ ግድግዳው ሥር ቆሜያለሁ። ልጅቷ ለጥንቃቄ ጥጥ አርሳ ጠረገች፤ ጥጡ ነጭ እንደሆነ ተመለሰ።

"እንዴት ያለ ንጹሕ ሥራ ነው!" አለች። "ማን አሰናዳዎት?"

ማንንም የማታስነካው፣ ከሰው በፊት ራሷ ነክታ የምትጨርሰው እህቴ፣ አንገቷን ቀና አድርጋ፣

"ባሌ" አለች።

መነጽር አጠለቁላት፣ ቀዝቃዛ ጄል ቀቧት፣ ለቆዳዋ የሚስማማው የብርሃን ልክ መጀመሪያ ጥግ ላይ ተሞከረ። ብልጭ ባለ ቁጥር ላስቲክ ተስቦ የተለቀቀባት ያህል ትሸማቀቃለች፤ ወዲያው ደግሞ ልጅቷን "አይዞሽ፣ አይዞሽ" ትላታለች። ስትወርድ አገጯ ቀልቶ አበጥ ብሏል። ማስኩን ከቦርሳዬ አውጥቼ ዘረጋሁላት። አየችውና መልሳ እጄ ላይ ተወችው። ሰው በሞላበት መጠበቂያ ክፍል መሃል እንዲያው እንዳለች አልፋ ወጣች።

ውጭ ጋሼ ሱቁን ዘግቶ መጥቶ ደረጃው ሥር ቆሟል። ሰፊ ጥቁር ጃንጥላ ዘርግቶ በሁለት እጁ ጨብጧል። ለካ ቀድሞ ክሊኒኩ ደውሎ፣ ከሌዘር በኋላ ፀሐይ ቆዳዋን መንካት እንደሌለባት ጠይቆ ተረድቶ ኖሯል። እትዬ ገባችለት። ትከሻ ለትከሻ ገጥመው መንገዱን ተያያዙት። እኔ ከኋላ ከኋላ ስከተል ቀና ብዬ ብፈልግ ፀሐይ የሚባል ነገር የለም፤ ሰማዩ ከዳር እስከ ዳር ደመና ነው።

"ጋሼ፣ የታለች ፀሐይዋ?" አልኩት።

ጃንጥላውን ወደ እትዬ ይበልጥ አዘነበለና ዞሮ ሳያየኝ፣

"ብትወጣስ?" አለኝ።