ውሃ ሳይረጩ መግባት

በየቤተሰቡ ለሰው ሁሉ ነጥብ የሚሰጥ አንድ ሰው አይጠፋም። እናንተ ቤት ያለው ምናልባት ጡረታ የወጣ መምህር፣ ወይም ሙሽራ አይቶ አመስግኖ የማያውቅ አጎት ይሆናል። እኛ ቤት ያሉት ግን የተመሰከረላቸው ናቸው። ክብርት አክስቴ፣ ሰፈሩ «እትዬ ነጥብ» የሚላቸው፣ በወጣትነታቸው ከመዝለያ ሰሌዳ ላይ እየተስፈነጠሩ፣ አየር ላይ እየተገለባበጡ ገንዳ ውስጥ የሚገቡ ዓለም አቀፍ ተወዳዳሪ ነበሩ። ዳኞች ለዓመታት ነጥብ ሲሰጧቸው ኖሩ፤ አሁን ብድራቸውን በእኛ ላይ ይወጣሉ።

ቤቱ ውስጥ የምንኖረው እኔና እሳቸው ብቻ ነን። ሶፋው ላይ ዘጭ ብዬ ስቀመጥ፣ «ከአሥር አራት ተኩል፤ ጉልበት ታጥፏል» ይላሉ። ጎረቤታችን ልብስ ሰፊዋ በሩን በርግዳ ስትገባ፣ «አምስት። መግቢያዋ ይጮሃል።» ገንዳ ሲገባ ውሃ የረጨ ነጥብ እንደሚቀነስበት ሁሉ፣ የቤቱም ሕግ አንድ ነው፦ «ውሃ አይረጭም!» ይህ ሻይ ለሚቀዳም፣ በር ለሚዘጋም፣ ለሚያለቅስም ይሠራል። አንዴ ለቅሶ ቤት አንዲት ሴት አገር እስኪሰማ ስትጮህ፣ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው፣ «ስሜቱ ጥሩ ነበር፤ ግን ረጨች» አሉኝ። ሳቄን ለመዋጥ ከንፈሬን ልበላው ደረስኩ።

ስለዞሩት አገር ብትጠይቋቸው ትርፉ ድካም ነው።

«እትዬ፣ ያ ታላቅ ከተማ እንዴት ነው?»

«ጣሪያው ዝቅ ያለ ነው።»

«ያኛውስ፣ ሰው ሁሉ ለማየት የሚሞትለት?»

«አይ፣ እሱ ክሎሪን ይበዛበታል።»

ግማሽ ዓለም ዞረው ያዩት የመዋኛ ገንዳ ጣሪያ ነው፤ እሱንም ተገልብጠው።

ሜዳልያ የሚባል ነገር ይዘው አልተመለሱም። ሳሎኑ ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ትልቁ ፎቶ ሆዳቸው ቀልቶ ከገንዳ ሲወጡ የተነሱት ነው። ያን ቀን በሰው አገር፣ ሕዝብ በሞላበት አዳራሽ፣ ውሃው ላይ በሆዳቸው ተነጠፉ። «ያጨበጨቡልኝ መስሎኝ ነበር፤ ለካ የሆዴ ድምፅ ነው» ይላሉ። ዳኞቹ አንድ ተኩል ሰጧቸው። እሳቸው ለዳኞቹ እጅ ነሥተው ለቀጣዩ ዝላይ መሰላሉን ወጡ።

እንግዲህ ባለፈው ሳምንት ጉዴን የሰሙት እኝህ ሴት ናቸው። ሁለት ዓመት አብረን የቆየነው ፋርማሲስት በቀጣዩ ሰኞ ወደ ሌላ ከተማ ልትዛወር ነበር። ሳትሄድ «አግቢኝ» ልላት ዓይኔን በጨው አጥቤ መድኃኒት ቤቷ ሄድኩ። ባንኮኒው ጋ ስደርስ ግን የራስ ምታት ክኒን ገዝቼ ተመለስኩ።

«ተንደርድረህ ቆምክ?» አሉኝ እትዬ።

«ቆምኩ።»

«ሰሌዳው ጫፍ ላይ?»

«ባንኮኒው ጋ።»

ራሳቸውን በሁለት እጃቸው ያዙ። «ስማኝ የኔ ልጅ። በእኛ ሕግ ተንደርድሮ የቆመ ነጥብ ይቀነስበታል እንጂ አይባረርም፤ እንደገና ይሞክራል። ሁለተኛ ከቆመ ግን ዜሮ ነው፤ አለቀ።»

«እምቢ ብትለኝስ?»

«በሆድህ ትወድቃለሃ! በሆድ መውደቅም እኮ ዝላይ ነው።»

እሁድ ቤት እንድትመጣ ጠራኋት። ቅዳሜን ሙሉ እትዬ ከሳሎኑ በር እስከ ወንበሯ ድረስ ሲያንደረድሩኝ ዋሉ፤ ደረት ወደ ፊት፣ ትንፋሽ ወደ ውስጥ፣ ዓይን ወደ ታች እንዳይል። እሁድ ፋርማሲስቷ መጥታ እንደተቀመጠች፣ «ሻዩን ልየው» ብለው ወደ ማድ ቤት ገቡ። በሩን ግን ገርበብ አድርገው ተዉት፤ ዳኛ መቼም ዓይኑን አይነቅልም።

ተንደረደርኩ። ሳሎኑ መሃል ስደርስ እግሬ ወደ በሩ መዞር ጀመረ። ከማድ ቤት በር ጀርባ የሚያስደነግጥ ሳል ተሰማ። እኔም እንደ ምንም ወደ ፊት ተወረወርኩ፤ ጉልበቴ ጠረጴዛውን መታው፣ ሙሉው የውሃ ጆግ ፋርማሲስቷ ቀሚስ ላይ ተገለበጠ፣ እኔም ሌባ እንዳየ ሰው «አግቢኝ!» ብዬ ጮህኩ።

ቀሚሷን አየችው፤ እኔንም አየችኝ።

«መጀመሪያ ፎጣ ስጠኝ» አለች። ከዚያ ሳቋ አመለጣት። «አገባሃለሁ። ራስ ምታቱ ተሻለህ?»

«ዝውውሩስ?»

«አንተም ትከተለኛለሃ!»

ያኔ ማድ ቤቱ ውስጥ ብርጭቆ ወድቆ ተሰበረ፤ እልልታ ቀለጠ፤ እልልታው መሃል መንገድ ላይ ወደ ለቅሶ ዞረ። ልብስ ሰፊዋ፣ «ማን ሞተ?» እያለች መርፌዋን እንደያዘች በሩጫ ገባች። እትዬ ምድጃው አጠገብ ቆመው በእንባ፣ በንፍጥ፣ በሁሉም ነገር ያለቅሱ ነበር። ስሄድ ቤቱ ባዶ እንደሚሆንባቸው ቅዳሜን ሙሉ እያወቁ ነው ለካ ሲያንደረድሩኝ የዋሉት። እኔ ጅሉ ያን ጊዜ ገና ገባኝ፤ አንጀቴን በሉት።

«ስንት አገኘሁ እትዬ?» አልኳቸው አቅፌያቸው።

«ሁለት» አሉ እየተንሰቀሰቁ። «ገንዳውን ባዶ አደረግከው እኮ!»

የሸሚዜ ኮሌታ በእንባቸው ርሶ ነበር። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ እኔ ዳኛ ሆንኩና፣ «ለእርስዎ ደግሞ አሥር» አልኳቸው።

«ውሸታም ዳኛ» አሉኝና አንድ ዙር እንደገና አለቀሱ።