የፋይሌ ወንድሞች

ፓስፖርት የጠየቀ ሰው ተጓዡ ራሱ ይመስለዋል። መጀመሪያ የሚጓዘው ግን ፋይሉ ነው። ባለቤቱ ቤቱ ቁጭ ብሎ ሽሮውን ሲበላ ፋይሉ ደረጃ ይወጣል፣ ደረጃ ይወርዳል፣ መሳቢያ ውስጥ ያድራል፣ ሲከፋውም አንድ ጠረጴዛ ላይ እንደ በሽተኛ ተጋድሞ ይከርማል። ባለቤቱ ደግሞ ከሩቅ ሆኖ «እንዴት ዋለ? ተሻለው?» እያለ ሲጠይቅ ይኖራል። ዛሬ ልጆቻችሁ ስልካቸውን ነካ አድርገው «በሂደት ላይ ነው» የሚል ጽሑፍ ሲመጣላቸው ይበሳጫሉ አሉ። ባይበሳጩ ይሻላል። በእኛ ጊዜ ይህችኑ ቃል ለመስማት ከሆሳዕና ተነስቶ አዲስ አበባ የሚሄድ ሰው መፈለግ ነበረብን።

ዘመኑ የደርግ ነው። እኔ ሆሳዕና የሒሳብ አስተማሪ ነበርኩ። የተወለድኩት መንዝ ነው፤ እናቴ ከእኔ ሌላ አልወለደችም። መንግሥት ለሁለት ዓመት ብሎ ሆሳዕና መደበኝ፣ እዚያው አቅራቢያ ካለች ከሞርሲቶ ከተማ ሚስት አገባሁ፣ ሁለቱ ዓመት ይኸው እስከ ዛሬ አላለቀም። በዚህ መሀል ዓይኔ ታመመ። ግራው ድሮ ሄዷል፤ ቀኙም ሊከተለው ጓዙን መሸከፍ ጀመረ። ጥቁር ሰሌዳ ላይ የጻፍኩትን ራሴ ማንበብ ሲያቅተኝ ተማሪዎቼ አወቁብኝ፤ ጨዋ ልጆች ስለነበሩ እኔ ጽፌ ስጨርስ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ያነቡልኝ ጀመር። አዲስ አበባ ያየኝ ሐኪም ነገሩን አላሽሞነሞነልኝም። ቀኙ ዓይን ሊድን ይችላል፣ የሚድነው ግን ውጭ አገር ነው፣ ያውም ክረምቱ ሳይገባ ከተሠራ ነው አለኝ። የሕክምና ቦርዱ አየኝ፣ ምሥራቅ ጀርመን በነፃ የሚታከም ሰው ሆኜ ተመረጥኩ፣ የቀረው ፓስፖርት ብቻ ነው ተባልኩ። «ብቻ» የምትባለዋን ቃል ከዚያን ጊዜ ጀምሮ አላምናትም።

ቀበሌው ፀረ አብዮት አለመሆኔን መሰከረልኝ። ትምህርት ቤቱ ምስጉን ሠራተኛ መሆኔን መሰከረልኝ። አውራጃው ደግሞ ቀበሌውና ትምህርት ቤቱ እውነታቸውን መሆኑን መሰከረላቸው። ይህ ሁሉ ታስሮ አዲስ አበባ ገባና ፋይል ተባለ። ከዚያ በኋላ የእኔ ሥራ መጠየቅ ሆነ።

መጠየቂያው ስልክ ቤት ነበር። ስልክ ቤት ገብታችሁ ቁጥር ታስመዘግባላችሁ፣ አግዳሚው ላይ ትቀመጣላችሁ፣ መስመር እስኪገኝ ከጎናችሁ ካለው ሰው ጋር የልጅ ልጆቻችሁን ስም ትለዋወጣላችሁ። መስመሩ ሲገኝ ደግሞ መናገር የለም፣ መጮህ ነው። አዲስ አበባ ያለውን የአጎቴን ልጅ «ፋይሌ የት ደረሰ?» ብዬ ስጮህ እሱ መስማቱን እንጃ። ሆሳዕና ግን ሰማች።

እዚህ አገር ወደ አዲስ አበባ የሚሄድ ሰው ለራሱ ጉዳይ ብቻ አይሄድም። ሊሄድ ነው ከተባለ ከዋዜማው ጀምሮ ቤቱ በአደራ ይሞላል። ወታደር ቤት ላለው የጎረቤት ልጅ ቅቤ፣ ዩኒቨርሲቲ ለገባችው የእህት ልጅ ቆጮ፣ ሆስፒታል ለተኛው ሽማግሌ ሰላምታ። እኔ ሳልጠይቅ የእኔ ፋይል እዚህ ላይ ተጨመረ። መጀመሪያ የጠየቀልኝ የአውቶቡስ ሹፌሩ ነበር። ቀጥሎ ለዕቃ ግዥ የሄደው የትምህርት ቤታችን ባልደረባ። ቀጥሎ ለስብሰባ የተጠራው የቀበሌያችን ሊቀ መንበር ራሱ። ነገሩ ለቅሶ ቤት ከገባ በኋላማ ከእጄ ወጣ። ለቅሶ ቤት ሰው ሦስት ቀን ይቀመጣል፤ ሦስት ቀን ሙሉ ስለ ሟች ብቻ አይወራም። አጎራባቾቹ ከተሞች፣ ጊምቢቹ ሰማች፣ አንጋጫ ሰማች። የሚስቴ ቤተ ዘመዶች ጸሎት ቤታቸው ስለተዘጋ በየቤታቸው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ይጸልዩልኝ ነበር። የደብራችን ቄስ ደግሞ በበኩላቸው ስሜን በቅዳሴ ያነሱ ነበር።

እንግዲህ ወሬው ይመጣል። አንዱ «ሁለተኛ ፎቅ ወጥቷል፣ ደስ ይበልህ» ይለኛል። ሌላው በሳምንቱ «ወርዷል፣ ግን ለክፉ አይደለም» ይላል። የጤና ጣቢያችን ነርስ ጸጋነሽ ፋይሉን በዓይኗ አይታው ነበርና አረንጓዴ ሽፋን እንዳለው፣ ጠርዙ ትንሽ እንደተጎዳ፣ በአጠቃላይ ግን መልኩ ደህና እንደሆነ አወራችልኝ። መንገድ ላይ ሰላምታ ቀረ፤ «የት ደረሰ?» ሆነ ሰላምታው። ሚስቴ አስቴር ይሄ ፋይል ከአንተ ይበልጥ አዲስ አበባን ያውቃታል ትለኝ ነበር። ትስቃለች፣ ከዚያ ጓዳ ትገባለች፣ ጓዳ ገብታ ምን እንደምታደርግ በድምፅዋ አውቅ ነበር።

ከፋሲካ በኋላ ፋይሉ ለመጨረሻው ፊርማ ገባ ተባለ። ገባና አልወጣም። የሄደ ሁሉ «አሁንም እዚያው ነው» እያለ ይመለስ ጀመር። ግንቦት አለቀ፤ ሰማዩ መጥቆር ጀመረ። የእኔም ዓይን አብሮ ይጠቁር ነበር። ሰው ፊት ቀልድ አላቆምኩም። ማታ ማታ ግን የአስቴርን ፊት በልቤ ለመያዝ መብራቱን አቅርቤ አያት ነበር፤ ምክንያቱን ስለምታውቅ ዝም ብላ ትቀመጥልኛለች። ፈርቼ ነበር፣ በጣም።

ያን ጊዜ ነው ቴሌግራም የመጣው። «በአካል ይቅረቡ» ይላል፤ ሌላ ቃል የለውም። ያን ዘመን ለምታስታውሱ «በአካል ይቅረቡ» ሰውን ምን ያህል እንደሚያቀልጠው አልነግራችሁም። አስቴር ብርድ ልብስ አጥፋ ከሻንጣዬ ጋር አሰረችው። ለመንገድ ነው አለችኝ። የምሄደው በቀትር አውቶቡስ ነው፤ ብርድ ልብሱ ለምን እንደሆነ ሁለታችንም እናውቅ ነበር፤ የተጠራ ሁሉ አይመለስም።

አዲስ አበባ ደርሼ ቢሮ ሲያስገቡኝ ያየሁት ነጣ ያለ ሸሚዝ ብቻ ነው፤ ኃላፊው ፊት ይኑረው አይኑረው አልታየኝም። ድምፁ ግን ነበር። ተቀመጥ አለኝ፣ ፋይሉን ከፈተው፣ ወረቀቱ ሲንኮሻኮሽ ሰማሁ። እግዜር ያሳያችሁ፣ ይህን ሁሉ ወር የተጠየቀለት ፋይል አጠገቤ ሆኖ ሽፋኑ አረንጓዴ መሆኑን እንኳ ማየት አልቻልኩም።

«ስንት ወንድም አለህ?» አለኝ።

ወንድምም እህትም እንደሌለኝ፣ ለእናቴ አንድ መሆኔን ነገርኩት። ቅጹ ላይ የሞላኸውም ይኸንኑ ነው አለና ከፋይሉ ጀርባ የተያያዙ ወረቀቶችን ማንበብ ጀመረ። ስለ እኔ ሊጠይቅ የመጣ ሰው ሁሉ በር ላይ በጥበቃው ተመዝግቦ ኖሯል። ሹፌር፣ ወንድሙ ነኝ። የትምህርት ቤት ሠራተኛ፣ ወንድሙ ነኝ። የቀበሌ ሊቀ መንበር፣ ወንድሙ ነኝ። ነርስ፣ እህቱ ነኝ። ፈቃድ ላይ ያለ ወታደር፣ ቄስ፣ የበርበሬ ነጋዴ፣ ሁሉም ወንድሞቼ ናቸው፤ የአንዱ አባት ስም ከሌላው ጋር አይገናኝም። አንዲት አሮጊት እናቱ ነኝ ብለዋል፤ እናቴ በቅጹ መሠረት ከሞተች ቆይታለች። ፋይሉ የቆመው በዚህ ምክንያት ነበር። እስኪጣራ።

«ይህን ሁሉ ሰው የሚያንቀሳቅሰው ድርጅት ምን ይባላል?» አለኝ።

ያኔ ድርጅት የሚለው ቃል ሰው ይበላ ነበር። እንደዚያም ሆኖ፣ ማመን ብታቅታችሁ አይፈረድባችሁም፣ ሳቄ ሊያመልጠኝ ደረሰ። ለካ ፋይሌን የቆለፉብኝ የሚወዱኝ ሰዎች ናቸው።

«ቅጹ ትክክል ነው» አልኩት። «እነሱም አልዋሹም።»

ከዚያ እንደ ክፍሌ ተማሪ አስረዳሁት። እኛ ዘንድ ሰው ሲታመም የታመመው የማን ነው ተብሎ አይጠየቅም አልኩት። እኔ መንዜ ነኝ፣ እነሱ ሀዲያ ናቸው፣ ከምባታ ናቸው፣ ጉራጌም አለበት። ስመጣ ማንም አልነበረኝም። በወባ ስያዝ ተራ ገብተው ያስታመሙኝ፣ ሽማግሌ ሆነው የዳሩኝ፣ እናቴ ስትሞት መንዝ ድረስ መሄድ ስላልቻሉ ሆሳዕና ላይ ድንኳን ተክለው ለቅሶ ያስቀመጡኝ እነሱ ናቸው። ጥበቃው «ምንህ ነው?» ሲላቸው ሌላ ምን ይበሉ? ኃላፊው ወረቀቶቹን እንደገና ያገላብጥ ጀመር።

በሩ ተንኳኳ። ጥበቃው ነበር። «ጌታዬ፣ የሆሳዕናው መምህር ወንድም ነኝ የሚል መጥቷል።»

«ከነዚህ አንዱ ነው?»

«አይደለም፣ ሌላ ነው።»

አስገባው አለ። መጀመሪያ የቅቤ ሽታ ገባ፣ ቀጥሎ ረጅም ጥላ ገባና ከአጠገቤ ቆመ። እጄን ብዘረጋ እነካዋለሁ። ኃላፊው ወንድምህ የት ነው ብሎ ጠየቀው።

«ሆሳዕና ነው፣ ጌታዬ። ዓይኑን ያመዋል» አለ፣ በከምባትኛ የተቃኘ አማርኛ፤ እኔ እዚያው ተቀምጬ።

አለቀልኝ አልኩ። ወንድሙን ከፊቱ አስቀምጠውለት የማያውቅ ወንድም! ኃላፊው ድምፁን ሳይለውጥ አይተኸው ታውቃለህ ወይ አለው።

«አላውቅም፣ ጌታዬ። አንጋጫ ለቅሶ ቤት ሰማሁ። ከተቀመጠው ሰው አዲስ አበባ የሚመጣው እኔ ነበርኩ። ክረምት ሳይገባ መሄድ አለበት አሉ፣ ክረምት ደግሞ ደርሷል።» ትንሽ አሰበና «ወንድሜ ነው» አለ።

ወንበሩ ሲንቀጠቀጥ ሰማሁ። ኃላፊው እየሳቀ ነበር።

«ያውልህ ወንድምህ» አለው።

ሰውየው ወደ እኔ ዞረ። ያፍራል ብላችሁ ከጠበቃችሁ አላወቃችሁትም። ሁለት እጄን ጥርቅም አድርጎ ያዘና፣ አንድ መደብ ላይ አብረን እንዳደግን ሁሉ፣ «መጣህ እንዴ? ዓይንህ እንዴት ነው?» አለኝ። ብዕር ወረቀት ላይ ሲሄድ፣ ማኅተም ሲያርፍ ሰማሁ። ስገባ አንተ ያለኝ ኃላፊ ስወጣ እርስዎ አለኝ፤ ታክመው ይመለሱ፣ እርስዎ ከቀሩ እነዚህ ሰዎች እዚህ ሲመላለሱ እኛ ሥራ አንሠራም አለ። ኮሪደሩ ላይ ስደርስ ረጅሙ ሰው የለም። ቅቤው ውጭ ፀሐይ ላይ ነበርና ሮጦ ሄዷል። ስሙን እንኳ አልጠየቅኩትም።

ሄድኩ፣ ታከምኩ። እዚያ ያገኘኋቸው አንዳንድ ያገሬ ልጆች አሁን ወዴት ትመለሳለህ ብለውኝ ነበር። ለእነሱም ለማስረዳት ሞከርኩ፣ ግን እንደ ኃላፊው አልገባቸውም። ተመለስኩ። መነጽሬ የጠርሙስ ቂጥ ያህላል እንጂ አያለሁ። ተመስገን። ሆሳዕና ስደርስ ሹፌሩ ፓስፖርቱን ያስወጣሁልህ እኔ ነኝ አለኝ፤ አመሰገንኩት። ሊቀ መንበሩም እሱ መሆኑን አጫወተኝ፤ አመሰገንኩት። ቄሱና የሚስቴ ዘመዶችም የየራሳቸውን ጸሎት ጠቀሱልኝ፤ እጃቸውን ሳምኩ። ፋይሉን ያስቆሙትም እነሱ መሆናቸውን እስከ ዛሬ ለማንም አልተናገርኩም። እናንተም ዝም በሉልኝ። ደግሞስ ካስቆሙት በኋላ ያስነሱት እነሱው አይደሉም?

የቀረኝ አንድ ሰው ነበር። በገበያ ቀን አንጋጫ ሄድኩና ቅቤ ተራ ገባሁ። መልኩን ስለማላውቅ በጆሮዬ ነው የፈለግኩት። ተራውን ሳጋምስ ድምፁን ሰማሁ፤ ከአንዲት ሴት ጋር እየተከራከረ ነው። ቆሜ አየሁት። ፊቱ ቀጠን ያለ፣ ጢሙ ሽበት የጣለበት፣ ግንባሩ ላይ የጠባሳ ምልክት ያለው ሰው ነው። እስክጠግብ አየሁት። እሱ ግን አላወቀኝም፤ እኔም ወፍሬያለሁ፣ መነጽር አድርጌያለሁ። ምን ልስጥህ አለኝ።

«ቅቤ አይደለም» አልኩት። «ወንድሜን ፈልጌ ነው።»

«ጠፋብህ?»

«አዎ። ዓመት ሊሆነው ነው።»

ተነሳ። ቅቤውን አጠገቡ ላለችው ሴት አደራ ብሎ ሰጣት፣ እጁን በኮባ ቅጠል ጠረገና ክንዴን ያዘኝ።

«ና፣ አብረን እንፈልገው» አለኝ። «መልኩ ምን ይመስላል?»

ያኔ ነበር መንገር ያለብኝ። ግን እየመራኝ አብሬው ሄድኩ፤ በየመደቡ ፊት ይቆማል፣ ያገኘውን ሁሉ ይጠይቃል፣ «የዚህ የወንድሜ ወንድም ጠፍቶ ነው» ይላል።